ሜሊናን ፍለጋ፦ ሰባት ቀን አቴንስ

ሰኞ፣ የካቲት 24/2017

አቴንስ ምን ልትሠሪ ነው ያሉኝ ሰዎች ብዙ ናቸው፣ ለባህሩ ነው? ለፍርስራሹ ነው? እያሉ። እኔ የሄድኩት ለአንዲት ሴት ነው፣ ከሞተች 31 ዓመት የሆናት የፊልም ተዋናይ፣ ሜሊና መርኩሪ። በአካል አይቻት አላውቅም፣ ቋንቋዋንም አልችልም፣ ግን ከልጅነቴ ጀምሮ ቤታችን ውስጥ ነበረች ማለት ይቻላል። አባቴ በወጣትነቱ ፒያሳ አንድ የግሪክ ሱቅ ውስጥ ተላላኪ ሆኖ ሠርቷል፣ የሱቁን ባለቤት እስከዛሬ ሙሴ እያለ ነው የሚጠራቸው፣ ሙሴ ደግሞ የሸክላ ማጫወቻ ነበራቸው እና አንዱን ዘፈን ሲደጋግሙት ነው የሚውሉት። ያ ዘፈን አባቴ አፍ ላይ ቀረ። ፂሙን ሲላጭ ያፏጨዋል፣ መኪና ሲያጥብ ያፏጨዋል፣ እኛ ልጆቹ ደግሞ ዜማው የአባቴ ፈጠራ ይመስለን ነበር። ካደግኩ በኋላ ነው እዚህ ፍራንክፈርት አንድ ካፌ ውስጥ ሰምቼው ቁጭ ብዬ የቀረሁት፣ አስተናጋጇን ጠየቅኳት፣ የፊልም ዘፈን ነው አለችኝ፣ ከዛ ፊልሙን ፈልጌ አየሁት፣ ከዛ ሌላውን ፊልም፣ ከዛ የሴትየዋን ሕይወት... በቃ እንደዛ ነው የተጀመረው።

ጠዋት አቴንስ ገባሁ። ከኤርፖርት 5 ዩሮ ከ50 ከፍዬ በኤክስ 95 ባስ ሲንታግማ አደባባይ ድረስ መጣሁ፣ አክስቴ ቆማ እየጠበቀችኝ ነበር። አክስቴ እዚህ ከተማ 39 ዓመቷ ነው፣ በደርግ ጊዜ ወደ ካናዳ ልታልፍ መጥታ እዚሁ ቀረች፣ እንደሷ ያሉ ብዙ ነበሩ ያኔ። አቅፋኝ ስታበቃ መጀመሪያ ያለችኝ «ጾም ነሽ አይደል?» ነው። ነኝ አልኳት። «ጎሽ፣ የነሱም ዛሬ ገባ» አለችኝ። የኛ ሁዳዴ የገባው ከሳምንት በፊት ነው፣ ፋሲካው ግን አንድ ቀን ላይ ነው የሚውለው። ግሪኮቹ የዛሬውን ቀን ንጹህ ሰኞ ይሉታል፣ ሥራ የለም፣ ሁሉም ሰው ልጆቹን ይዞ ወደ ኮረብታ ይወጣና ካይት ያበራል። እኛም ሻንጣዬን እየጎተትን ሜዳ ሜዳውን ዞር ዞር ካልን በኋላ ፊሎፓፑ ወደሚባለው ኮረብታ ወጣን። ሰማዩ ካይት ብቻ ነበር። አክስቴ ላጋና የሚባለውን ዳቦ ገዝታ ነበር፣ ጠፍጣፋ ነው፣ ላዩ ሰሊጥ የተነሰነሰበት፣ የሚሸጠው የዛሬ ቀን ነው። በወይራና በሃልዋ በላነው። እነሱ ከዓሣ እንቁላል የሚሠሩትም አለ፣ ለነሱ ይጾማል፣ እኔና አክስቴ እሱን ተውነው።

ፊት ለፊታችን አክሮፖሊስ፣ የጥንት ቤተ መቅደሶቹ ያሉበት ኮረብታ፣ ቁጭ ብሏል። አንዲት ትንሽ ልጅ ካይቷ ተበጥሶ እዛ ላይ ወዳለው ትልቁ ቤተ መቅደስ፣ ወደ ፓርተኖን አቅጣጫ ሲሄድ እሪ ብላ አለቀሰች፣ አባቷ ሊያባብላት ያልሆነው የለም። ብዙ አልጻፍኩም ዛሬ፣ ደክሞኛል።

ማክሰኞ፣ የካቲት 25

አክስቴ የምትሠራው ኪፕሴሊ ሰፈር ነው፣ አንዲት የ92 ዓመት ሴትዮ ነው የምታስታምመው። ኪሪያ ነው የምትላቸው፣ ወይዘሮ እንደማለት ነው፣ እኔም ኪሪያ እያልኩ ነው የምጽፈው። ኪፕሴሊ ዛሬ የሐበሻውም የናይጄሪያውም የፊሊፒኑም ሰፈር ነው፣ በ1950ዎቹና 60ዎቹ (የሷን ታሪክ ሳወራ ዓመቱ ሁሉ በፈረንጆቹ ነው) ግን ዘመናዊው ሰፈር ይሄ ነበር አሉ፣ ፎኪዮኖስ ኔግሪ የምትባለው መንገድ ላይ ያሉት ካፌዎች አርቲስት የሚውልባቸው ነበሩ።

ኪሪያ አልጋ ላይ አይደሉም፣ ወንበር ላይ ናቸው፣ ጉልበታቸው እንጂ ጭንቅላታቸው ፍጹም ጤነኛ ነው። አክስቴ ለምን እንደመጣሁ ስትነግራቸው ዝም ብለው አዩኝ፣ ከዛ በእጃቸው ወደ ቁም ሳጥኑ አመለከቱ። ውስጡ ድሮ ከጋዜጣ ጋር በነጻ ይሰጡ የነበሩ ዲቪዲዎች ተደርድረዋል፣ የድሮ የግሪክ ፊልም በሙሉ። «ስቴላ» አሉ። አክስቴ ፈልጋ አወጣችው።

ፊልሙን ከማየታችን በፊት ግን አወሩኝ፣ አክስቴ እያስተረጎመች። ሜሊና የደሃ ልጅ አይደለችም አሉ። የተወለደችው በ1920 ነው፣ አያቷ ስፒሮስ መርኩሪስ ለብዙ ዓመት የአቴንስ ከንቲባ የነበሩ፣ አባቷ የፓርላማ ሰው። ገና በልጅነቷ ሀብታም ሰው አገባች። ጀርመኖች አገሩን ይዘው በ1941 ክረምት አቴንስ ውስጥ ሰው በረሃብ መንገድ ላይ ሲወድቅ፣ ኪሪያ የስምንት ዓመት ልጅ ነበሩ፣ ታናሽ ወንድማቸውን ያኔ ነው ያጡት። «እሷ ያኔ አልተራበችም» አሉኝ። ትንሽ ዝም አሉና «ግን አልደበቀችውም፣ ራሷ ተናግራዋለች» ብለው ጨመሩ። ይሄን ሲሉ ድምፃቸው ውስጥ ቂም አልነበረም፣ ግን እንዲታለፍም አልፈለጉም። እኔም አላልፈውም። የምንወደውን ሰው ስናወራ ብዙ ጊዜ እንዲህ ያለውን ነገር እንዘለዋለን፣ ኪሪያ ግን ወንድማቸውን አንስተው ነው ወደ ፊልሙ የገቡት።

ሜሊና ከብሔራዊ ቴአትር የትወና ትምህርት ቤት በ1944 ተመረቀች፣ በ1949 ደግሞ ካሮሎስ ኩን በሚባለው ትልቅ አዘጋጅ ቴአትር «ኤ ስትሪትካር ኔምድ ዲዛየር» በሚባለው ድርሰት ብላንሽ የምትባለውን ዋና ገጸ ባሕርይ ሆና ተጫወተችና አገሩ ሁሉ አወቃት። ፊልም ውስጥ የገባችው ግን ዘግይታ ነው፣ የመጀመሪያዋ ስቴላ ናት፣ በ1955፣ ዳይሬክተሩ ሚካኤል ካኮያኒስ። ሠላሳ አራት ዓመቷ ነበር ማለት ነው። ለፊልም ሴት በዛ ዘመን ይሄ ዕድሜ አልፎብሻል የሚባልበት ነው።

መጋረጃውን ዘጋንና ማየት ጀመርን። ስቴላ የመጠጥ ቤት ዘፋኝ ናት፣ ወንድ ትወዳለች ግን አላገባም ትላለች። ሚልቶስ የሚባል ኳስ ተጫዋች ይመጣል፣ ትወደዋለች፣ እሱ ደግሞ ካላገባሁሽ ይላል፣ እናቱ ሳይቀሩ ይለምኗታል፣ በመጨረሻ እሺ ትልና የሰርጉ ቀን እሱ ቤተ ክርስቲያን ቆሞ ሲጠብቅ ሳትመጣ ትቀራለች። አፏ ሰፊ ነው፣ ድምጿ ሻካራ ነው፣ ስትስቅ መላ ፊቷ ነው የሚስቀው፣ ካሜራው እኮ ከሷ መራቅ አቅቶታል። ኪሪያ ዓይናቸውን ከስክሪኑ አልነቀሉም። የመጨረሻው ላይ ሊነጋ ሲል ባዶ መንገድ ላይ ሚልቶስ ቆሟል፣ ስቴላ ከዛኛው ጫፍ ትመጣለች፣ እሱ ከመናገሩ በፊት ኪሪያ ቀደሙት፦ «ስቴላ፣ ፊጌ፣ ክራታኦ ማሄሪ»። ስቴላ ሂጂ፣ ቢላ ይዣለሁ ማለት ነው። አገሩ ሁሉ በቃሉ ያውቃታል ይቺን። ስቴላ ግን አትሸሽም፣ ወደሱ ነው የምትሄደው፣ እየሄደች ወደ ቢላው።

ኪሪያ በ22 ዓመታቸው ነው ሲኒማ ቤት ያዩት፣ ከእህታቸው ጋር፣ ለእናታቸው ሰርክ ጸሎት እንሄዳለን ብለው። ሲወጡ ሁለቱም አልተናገሩም አሉ፣ እስከ ቤት ድረስ አልተናገሩም። ኪሪያ ያኔ ታጭተው ነበር። በሦስተኛው ወር አገቡ። ይሄን ብለው ሻይ ጠየቁ።

ረቡዕ፣ የካቲት 26

ፒሬያስ። ከቪክቶሪያ ጣቢያ አረንጓዴውን መስመር ይዤ ብቻዬን ሄድኩ፣ አቅጣጫ ተሳስቼ ወደ ኪፊስያ ሦስት ጣቢያ ከተጓዝኩ በኋላ ነው የተመለስኩት። ባቡሩ መጨረሻው ወደቡ በር ላይ ነው፣ ስትወጪ ፊትሽ ላይ መርከብ ነው፣ ወደ ደሴቶቹ የሚሄዱት ነጫጮቹ ትልልቅ መርከቦች አፋቸውን ከፍተው የጭነት መኪና ይውጣሉ። ይዘንብ ነበር፣ ካፊያ።

የአባቴ ዘፈን የዚህ ቦታ ዘፈን ነው። ስሙ ራሱ የፒሬያስ ልጆች ነው፣ ማኖስ ሐድጂዳኪስ ነው የደረሰው፣ ለፊልሙ፣ ፊልሙ በ1960 የወጣው «እሁድ ግን በፍጹም» ነው። ኦስካር ወስዷል ዘፈኑ፣ ሜሊና ደግሞ በዛው ዓመት ካን ፌስቲቫል ላይ የምርጥ ተዋናይት ሽልማትን ከፈረንሳይቷ ዣን ሞሮ ጋር ተካፈለች። ፊልሙን የሠራው ዡል ዳሲን ነው፣ በኋላ ባሏ የሆነው። እሱ አሜሪካዊ ነው፣ ሆሊውድ ኮሚኒስት ነህ ብሎ ሥራ ሲከለክለው ወደ አውሮፓ የተሰደደ፣ የተገናኙት እሷ ስቴላን ይዛ ካን በሄደችበት በ1955 ነው፣ እሱም የራሱን ፊልም ይዞ መጥቶ።

ታሪኩን ለማታውቁት፦ ኢሊያ የምትባል የወደብ ሴተኛ አዳሪ አለች፣ የመርከብ ሠራተኛው ሁሉ የሚወዳት፣ እሁድ እሁድ ግን ሥራ የለም፣ ቤቷን ከፍታ ሰው ታበላለች። ሆመር የሚባል አሜሪካዊ (ዳሲን ራሱ ነው የሚጫወተው) መጥቶ ላስተምርሽ፣ ላድንሽ ይላታል። ፍልስፍና ያስጠናታል፣ ሥዕል ያሳያታል። እሷ የጥንቱን ትራጄዲ የምትተርከው በራሷ መንገድ ነው፣ እናትየዋ ልጆቿን የገደለችበትን ታሪክ እንኳ አልተገደሉም ትላለች፣ በመጨረሻ ሁሉም ተያይዘው ወደ ባህር ዳር ሄዱ ትላለች። አንዱ ትዕይንት ላይ ሆመር ቡዙኪ የሚባለውን የግሪኮች የክር መሣሪያ የሚጫወተውን ሰውዬ ኖታ ማንበብ ካልቻልክ ሙዚቀኛ አይደለህም ይለዋል፣ ሰውዬው ሞራሉ ተሰብሮ ሽንት ቤት ገብቶ ይቆልፋል፣ አልወጣም፣ ከእንግዲህ አልጫወትም ይላል። ኢሊያ በሩ ላይ ቆማ ወፎችም እኮ ኖታ አያነቡም ትለዋለች፣ ሊዘምሩ መቼ አቆሙ? ይወጣል። እኔ ይቺን ቦታ ባየኋት ቁጥር ማሲንቆ ይዘው በየቤቱ የሚዞሩት፣ አንድ ቀን ትምህርት ቤት ያልገቡት አዝማሪዎቻችን ነው የሚታወሱኝ።

ፊልሙ ላይ ያለውን ፒሬያስ አላገኘሁትም። በተሠራበት ጊዜ የነበሩት ዝቅ ያሉ ቤቶች ቦታ ላይ ፎቅ ነው ያለው፣ መንገዱ የቲኬት ቢሮ ብቻ ነው። ግን ዞር ዞር ብዬ ወደ ኋላ ያሉት የሠራተኛ ሰፈሮች ገባሁ፣ ልብስ ከበረንዳ በረንዳ የተሰጣባቸው። እነዚህ ሰፈሮች ሁለተኛው የፒሬያስ ምርጫ ክልል የሚባለው ውስጥ ናቸው፣ በ1977 ሜሊናን ፓርላማ ያስገቧት እነሱ ናቸው። የከንቲባ የልጅ ልጅ፣ የሀብታም ሰፈር ልጅ፣ ድምፅ የሰጣት ግን የመርከብ ጥገና ሠራተኛና ከትንሿ እስያ ተፈናቅሎ የመጣው ሕዝብ ልጅ ነው። እኔ ኢሊያን ስላዩ ነው ብዬ ነው የማምነው። ሰው ከልቡ የተጫወተለትን ሰው ይለያል።

ቡና ልጠጣ የገባሁበት ቤት ባለቤቱን ዘፈኑን በስልኬ አስደመጥኩት። «የኛ ነው» አለኝ በእንግሊዝኛ፣ ደረቱን መታ መታ አድርጎ። ካፊያው እስኪያቆም ተቀመጥኩ፣ ስላላቆመ በዝናብ ተመለስኩ።

ሐሙስ፣ የካቲት 27

ማርች 6። የሞተችበት ቀን። ጉዞዬን በዚህ ሳምንት ያደረግኩት ለዚህ ነው።

ጠዋት ከአክስቴ ጋር አንደኛው መካነ መቃብር ወደሚባለው ሄድን፣ ሜትስ የሚባለው ሰፈር ዳር ላይ ነው። ውስጡ ዝግባ መሳይ ረጃጅም ዛፎችና የእብነ በረድ ሐውልቶች ናቸው፣ ተኝታ የምትመስል የአንዲት ወጣት ሐውልት አለች፣ ሐሌፓስ የሚባል ቀራጺ የሠራት፣ ሰው ሁሉ እሷ ጋ ይቆማል፣ እኛም ቆምን። የሜሊና መቃብር ጋ ስንደርስ ቀይ አበባ ተቀምጧል፣ ትኩስ ነው፣ ሁለት ሴትዮዎች እያጸዱ ነበር። አክስቴ ሻማ ለኮሰች። እሷ ለማንም ሰው መቃብር ሄዳ ሻማ ካልለኮሰች ደስ አይላትም።

ከዛ ቁጭ ብለን ነገረችኝ። በ1994 አክስቴ አቴንስ ስምንት ዓመቷ ነበር። ሜሊና የሞተችው ኒውዮርክ ሆስፒታል ውስጥ ነው፣ የሳንባ ካንሰር፣ ሲጋራ ከእጇ ተለይቶ አያውቅም ነበር፣ አክስቴ ቲቪ ላይ ሁሌ ጭስ ውስጥ ነው የማያት ትላለች። አስከሬኗ መጥቶ የቀብሯ ቀን አክስቴ የምትሠራበት ቤት ሴትዮዋ በሩን ዘግተው «ነዪ እንሂድ» አሏት። መቶ ሺዎች ነው የወጡት። ለጠቅላይ ሚኒስትር የሚደረገው ክብር ነው የተደረገላት። «እኔን የገረመኝ» አለች አክስቴ፣ «ሬሳው ሲያልፍ ሰው አያለቅስም፣ ያጨበጭባል። እኔ ደግሞ ሐበሻ ነኝ፣ ለቀብር ማልቀስ ነው የማውቀው፣ ሁሉም ሲያጨበጭብ እኔ ብቻዬን ድምፄን አውጥቼ አለቀስኩ። አንዱ ሽማግሌ ዘወር ብሎ አየኝና እጄን ያዘኝ።» የስደተኛ ወረቀቷ ያኔ አልተስተካከለም ነበር። ለማን እንዳለቀሰች እስከዛሬ በደንብ አላውቅም አለችኝ።

የሜሊናም ስደት አለ። ሚያዝያ 1967 ላይ የጦሩ ኮሎኔሎች በመፈንቅለ መንግሥት አገሩን ሲይዙ እሷ ኒውዮርክ ብሮድዌይ ላይ ነበረች፣ ያንኑ የፒሬያሷን ኢሊያን በሙዚቃዊ ቴአትር እየተጫወተች። ዝም ማለት ትችል ነበር፣ ብዙ ሰው ዝም ብሏል፣ እሷ ግን በየሄደችበት መናገር ጀመረች፣ ማታ መድረክ ላይ ትዘፍናለች ቀን ጋዜጠኛ ፊት ትቆማለች። ሐምሌ ላይ የአገር ውስጥ ሚኒስትሩ ፓታኮስ ዜግነቷን ገፈፏት፣ ንብረቷንም ወረሱት። የመለሰችውን ግሪክ ሁሉ ያውቀዋል፦ እኔ ግሪክ ሆኜ ተወለድኩ፣ ግሪክ ሆኜ እሞታለሁ፤ አቶ ፓታኮስ ፋሽስት ሆነው ተወለዱ፣ ፋሽስት ሆነው ይሞታሉ። ሰባት ዓመት ነው ውጭ የቆየችው፣ የተመለሰችው አገዛዙ በሐምሌ 1974 ሲወድቅ በቀናት ውስጥ ነው። አክስቴ ይሄን ስነግራት «ሰባት ዓመት ብቻ?» አለችና ዝም አለች።

ከሰዓት አክሮፖሊስ ወጣን። ማርች 6 ለሷ መታሰቢያ ተብሎ የመንግሥት ጥንታዊ ቦታዎች በነጻ ናቸው፣ ሰልፉ ረጅም ነው ግን ይሄዳል። መግቢያው ላይ ያለው እብነ በረድ በሰው እግር ብዛት እንደ ሳሙና ያንሸራትታል፣ አክስቴን ደግፌ ነው ያወጣኋት፣ 39 ዓመት ኖራ ለሁለተኛ ጊዜ ነው የወጣችው። ላይ ነፋስ አለ። ፓርተኖን ምዕራቡ በኩል በብረት መወጣጫ ተከቧል፣ ጥገና ላይ ነው። ከሱ ወደ ግራ ያለው ትንሹ ቤተ መቅደስ ላይ በረንዳውን በጭንቅላታቸው የተሸከሙ ስድስት ሴቶች አሉ፣ ካርያቲድ ይሏቸዋል፣ እነዚህ ግን ቅጂ ናቸው። እውነተኞቹ አምስቱ ታች ሙዚየም ውስጥ ናቸው። ስድስተኛዋ ለንደን።

ዓርብ፣ የካቲት 28

የአክሮፖሊስ ሙዚየም ዓርብ ዓርብ እስከ ማታ 4 ሰዓት ክፍት ነው፣ ሆን ብዬ አመሻሽ ላይ ሄድኩ። ሰው ሳሳ ይላል።

ወደ ውስጥ ስትገቢ ወለሉ መስታወት ነው፣ ከእግርሽ ሥር የጥንት ሰፈር ይታያል፣ የቤት መሠረት፣ ጉድጓድ፣ መንገድ። ሁለተኛ ደረጃውን እንደወጣሁ ካርያቲዶቹን አገኘኋቸው። ከኋላቸው መሄድ ይቻላል፣ ፀጉራቸው ተጎንጉኖ ጀርባቸው ላይ ወርዷል፣ ወፍራም የዓሣ አጥንት የሚመስል ሹሩባ፣ እያንዳንዷ የተለየ ነው። ፊታቸው በአቴንስ ጭስ ተበልቷል። አቋቋማቸው ልክ በረንዳው ላይ እንደነበሩት ነው፣ እና ከመሀላቸው አንድ ቦታ ባዶ ነው። ምንም አላስቀመጡበትም፣ ቅጂ እንኳን አላደረጉም። ባለፈው ዓመት ለንደን ብሪቲሽ ሙዚየም ስሄድ ያቺን ስድስተኛዋን አይቻታለሁ፣ ብቻዋን ነው የቆመችው፣ ያኔ ብቸኝነቷ አልታየኝም ነበር፣ አንድ ቆንጆ ሐውልት ብዬ ፎቶ አንስቼ አለፍኩ። ዛሬ ይሄ ባዶ ቦታ ፊት ቆሜ ነው የገባኝ።

ላይኛው ፎቅ ሙሉው መስታወት ነው፣ ስፋቱም አቅጣጫውም ከፓርተኖን ጋር እንዲገጥም ተደርጎ የተሠራ፣ ወደ ውጭ ስታዪ እውነተኛው ፓርተኖን በመብራት ደምቆ ኮረብታው ላይ ነው። ቤተ መቅደሱን ከላይ የሚዞረው የተቀረጸ ጥልፍ መሳይ ሰልፍ አለ፣ ፈረሰኞች፣ በግና በሬ የሚነዱ፣ ውሃ የተሸከሙ፣ ርዝመቱ 160 ሜትር ነበር። ግማሽ ያህሉ ለንደን ነው። እዚህ ያለው እውነተኛው የማር ቀለም አለው፣ የለንደኑ ቦታ ደግሞ በነጭ ጀሶ ቅጂ ተሞልቷል፣ ስለዚህ እየሄድሽ ታነቢዋለሽ፣ ማር፣ ነጭ፣ ነጭ፣ ማር። አንድ ሰው ጋ ቆምኩ፣ ከወገቡ በላይ ነጭ ከወገቡ በታች ማር ነው። አንዱን አካል ለሁለት አገር ነው የተካፈሉት።

የወሰዳቸው ሎርድ ኤልጊን ነው፣ በኦቶማን መንግሥት የእንግሊዝ አምባሳደር፣ ከ1801 ጀምሮ እያስነቀለ በመርከብ አስጫነ፣ በ1816 የእንግሊዝ ፓርላማ በ35 ሺህ ፓውንድ ገዝቶ ለብሪቲሽ ሙዚየም ሰጠ። ሜሊና በ1981 የባህል ሚኒስትር ስትሆን፣ በዚህ ሥልጣን ላይ የመጀመሪያዋ ሴት፣ ይሄን ጉዳይ አነሳች፣ በ1982 ሜክሲኮ ላይ በዩኔስኮ ስብሰባ ፊት አቀረበችው፣ በ1986 ደግሞ ኦክስፎርድ ሄዳ እዛው እንግሊዞቹ መሀል ተከራከረች። የኤልጊን እብነ በረድ የሚባል ነገር የለም፣ ያለው የፓርተኖን ነው አለች። ሳልሞት ተመልሰው ማየት እፈልጋለሁ፣ ከሞትኩ በኋላ ቢመጡም እንደገና እወለዳለሁ አለች። ብታመጡት የት ታስቀምጡታላችሁ ለሚለው መልስ እንዲሆን ደግሞ በ1989 የዚህን ሙዚየም ዓለም አቀፍ የዲዛይን ውድድር አስጀመረች። ሙዚየሙ የተከፈተው በ2009 ነው፣ እሷ ከሞተች 15 ዓመት በኋላ። የቆምኩበት ፎቅ እንግዲህ የሷ መልስ ነው፣ ቦታው ተዘጋጅቷል፣ ኑና አምጡ የሚል።

ወንበር ነበር፣ ተቀመጥኩ። ስለ መቅደላ ነበር የማስበው፣ እዛ ቁጭ ብዬ ሌላ ነገር ማሰብ አልቻልኩም። በ1868 (እዚህም ዓመቱ በፈረንጆቹ ነው) የእንግሊዝ ጦር መቅደላ ሲገባ ከብሪቲሽ ሙዚየም የተላከ ሰው አብሮ ነበር። አሥራ አንድ ታቦት ዛሬም እዛው ሙዚየም ውስጥ ነው፣ ለእይታ አይወጣም፣ ተሸፍኖ ተቀምጧል፣ የሙዚየሙ ሠራተኛም አያየውም፣ እኛም አናየውም። የሚያየው የሌለ፣ የሚጸለይበት የሌለ ታቦት። ሀውልቱ ከሮም በ2005 አክሱም ሲመለስ፣ የአጼ ቴዎድሮስ ፀጉር በ2019 ሲመጣ ደስ ብሎን ነበር፣ ይሄንንም የሚጠይቁ ጎበዞች አሉን፣ ዓመታቸውን ሙሉ የደከሙበት። ግን አንድ ሰው ተነስቶ፣ ሕዝቡ ፊቱን የሚያውቀው፣ ድምፁን ከመቶ ድምፅ መሀል የሚለየው ሰው፣ በያንዳንዱ መድረክ ስለዚህ ብቻ ሲጮህ ምን እንደሚመስል እዚህ ነው ያየሁት። ትወናዋን ትታ አይደለም ፖለቲካ የገባችው። ያንኑ ሻካራ ድምፅ፣ ያንኑ ሰፊ አፍ፣ የስቴላን ወደ ቢላው የመሄድ ነገር ይዛው ነው የገባችው።

ዘበኛው ሊዘጋ ነው ብሎ እስኪነካኝ ድረስ ነበርኩ።

ቅዳሜ፣ የካቲት 29

ፕላካ፣ አክሮፖሊስ ሥር ያለው አሮጌ ሰፈር። ሊሲዩ መንገድ ላይ በስሟ የተሰየመ ካፌ አለ፣ ግድግዳው በሙሉ የሷ ፎቶ ነው፣ የግሪክ ቡናና ውሃ አዝዤ ግድግዳውን አነበብኩ። ከአድሪያኖስ በር ፊት ለፊት፣ ዲዮኒሲዩ አሬዮፓጊቱ የሚባለው የእግር መንገድ ሲጀምር ሐውልቷ ቆሟል። ቱሪስቱ ወደ በሩ ዞሮ ፎቶ ያነሳል፣ እሷን ብዙም የሚያያት የለም። እኔ ከመንገድ ዳር ከወደቀ መራራ ብርቱካን አንዱን አንስቼ ሥሯ አስቀመጥኩ፣ በዚህ ወር ከተማው ሙሉ እሱ ነው፣ ይወድቃል ማንም አይበላውም።

ማታ ኪሪያን ልሰናበት ሄድኩ። ስለ ታቦቶቹ አክስቴ ነግራቸው ነበር መሰለኝ፣ ገና ስገባ «ስንት ናቸው?» አሉኝ። አሥራ አንድ አልኳቸው። በጣታቸው እየቆጠሩ ደገሙት በግሪክኛ፣ አሥራ አንድ፣ እና አማተቡ። ለአባቴ ከዛው መራራ ብርቱካን ልጣጭ የተሠራ በስኳር የተቀቀለ ጣፋጭ በጠርሙስ ሰጡኝ።

እሁድ፣ የካቲት 30

ኤርፖርት በር ላይ ቆሜ ወደ አዲስ አበባ ደወልኩ። አባቴ ከቤተ ክርስቲያን ገና መግባቱ ነበር። ያየሁትን ሁሉ እየተንተባተብኩ ነገርኩት፣ ዜግነቷን የገፈፏት ጋ ስደርስ አቋረጠኝ። «ቆይ፣ ይሄ በኛ 59 ላይ ነው?» አለኝ። አስልቼ፣ አዎ ሐምሌ 59 አልኩት። «አሃ» አለ። ትንሽ ዝም አለ። በዛ ዓመት ሙሴ ሸክላውን ማጫወት አልተዉም ነበር አለኝ፣ ግን አንዳንድ የግሪክ ደንበኞች በሩ ላይ ብቅ ሲሉ «ልጅ፣ ቀንሰው» ይሉት ነበር፣ እሱም ሮጦ ድምፁን ዝቅ ያደርገዋል፣ ሰዎቹ ሲወጡ ደግሞ ሙሴ በእጃቸው ከፍ አድርገው ያሳዩታል፣ ጨምረው ማለታቸው ነው። ለምን እንደሆነ ጠይቋቸው አያውቅም። «ዕዳ ያለባቸው ይመስለኝ ነበር» አለኝ።

ከዛ የሸክላው ልባስ ላይ የነበረችዋ ሴት ፀጉሯ ቢጫ ነበር ወይ ብሎ ጠየቀኝ። አዎ አልኩት።